ኩሽና የሌለው ቤት

የታላቅ እህቴ የአጎላ ፍቅር የጀመረው በዓሣ ዘይት ነው። በሽቶ ቢሆን እኔም ደስ ባለኝ።

ኪሱሙ ከተማ፣ የግንባታ ፈቃድ ቢሮ ነን። አጎላ የሱቋን ማደሻ ፈቃድ ልትጠይቅ ሄዳ፣ እኔ ተከትያታለሁ። ከፊታችን የተሰለፈው ረጅም ልጅ ኦጉቱ፣ የቤት ፕላኑን ለኃላፊው ለአቶ ራቦንጎ ዘረጋለት። ራቦንጎ የተጠበሰ ዓሣ እየበላ ነው። የዓሣውን ዓይን ጎልጉሎ ምጥጥ አደረገና በዚያው ጣቱ ፕላኑን ገለጠ። ዘይቱ ወረቀቱ ላይ ጠብ! እንዴት ተጸየፍኩት!

«ኩሽናው የታለ?» አለ፣ አጥንት እየተፋ።

«ሲምባ እኮ ነው ጌታዬ፤ አባቴ ግቢ በሩ አጠገብ የምሠራው የወንድ ልጅ ጎጆ። እናቴ እያለች እኔ ምን ኩሽና አለኝ?»

«ኩሽና የሌለው፣ መኖሪያ ቤት አይባልም! ደንብ ነው። ተከልክሏል! ቀጣይ!»

ራቦንጎ የገዛ አገራችን ሰው እኮ ነው፤ ሲምባን ያውቃል! እንደ ፈረንጅ ሊሆን ያምረዋል።

አጎላ ሻሿን ከራሷ ፈትታ የልጁን ፕላን ትጠርግለት ጀመር። ኦጉቱ ፕላኑን ትቶ እሷን ያያል። ቀና ብላ አየችው። ዘይቱ ወረቀቱ ውስጥ ሰርጎ ገብቷል፤ እሷ ግን መጥረጓን አልተወችም።

«ሻሽሽን አበላሸሁብሽ» አላት።

«አጥበህ መልስልኛ!»

እህቴ እንዲህ ያለ አፍ እንዳላት ያን ቀን አወቅሁ።

ሻሹ ሳይመለስ ቀረ፤ ልጁ ግን ከሱቋ አልጠፋ አለ። በኋላ ሽማግሌ ላከ። አባታችን ምን ቢል ጥሩ ነው?

«ሲምባ የሌለው ሰው ልጄን የት ሊያስገባት ነው? እናቱ አልጋ ሥር? ዝናቡ ሳይመጣ ቤቱ ካልቆመ ለጠየቀኝ ለሲያያ ከተማው ነጋዴ እድራታለሁ።»

የሲያያው ነጋዴ ሲስቅ ድዱ ብቻ ነው የሚታየው። እሱንም ተጸየፍኩት። አጎላ ግን ማታ ማታ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ መተኛት ጀመረች።

ኦጉቱን፣ «ኩሽና የሚመስል ነገር ሣልለትና ተገላገል!» አልኩት።

«አንቺ ምላሳም! እናቴ ብታይ ‹በቁሜ ቀበርከኝ› ትለኛለች። እከሰዋለሁ!»

ከሰሰ። ዳኛዋ ከካምባ አገር የመጡ ሴት ናቸው፤ ልማዳችንን አያውቁም። ራቦንጎ ማለና ጥርሱ መሀል የቀረውን ሥጋ በምላሱ እየፈለገ ያንኑ ደንቡን ደገመ። ኦጉቱ ጠበቃ የለውም፤ ራሱ ተነሥቶ ጠየቀው።

«አቶ ራቦንጎ፣ ጎረምሳ ሳሉ ሲምባ ነበረዎት?»

«እንዴታ! ማን መሰልኩህ?»

የእኛን አገር ወንድ በሲምባው ከመጡበት መሐላውንም፣ ደንቡንም ይረሳል።

«ኩሽናውስ በየት በኩል ነበር?»

«የምን ኩሽና! እናቴ ምን ሆና! የኡጋሊ ገንፎዬ ከእሷ ጓዳ ነበር የሚመጣልኝ!»

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ዳኛዋ መነጽራቸውን አወለቁ።

«ታዲያ ያ፣ ቤት አልነበረም?»

ራቦንጎ ምራቁን ሲውጥ ጉሮሮው እንደ እንቁራሪት ተነፋ።

«ነበር... ቤት ነበር፣ ክብርት ዳኛ።»

«ደንቡ የወጣው ሰው ጦሙን እንዳያድር ነው፤ እናቱ እንዳታበላው አይደለም» አሉ። ክልከላውን ሽረው ፈቃዱ እንዲሰጠው አዘዙ። አጎላ እጄን ጨብጣ ልትሰብረኝ ነበር።

ሲምባው ዝናቡን ቀድሞ ቆመ። ሙሽሪትን ያስገባኋት እኔ ነኝ። ትንሿ መስኮት ላይ መጋረጃ ሆኖ የተሰቀለው ያ ሻሽ ነው፤ ቅባቱም መሀሉ ላይ እንዳለ ነው።

«አላጠብከውም?» አለችው።

«ካጠብኩት መመለስ ነበረብኛ!»

አየችው። አያት። እኔ በዚህ መሀል ጠጋ ብዬ ሻሹን አሸተትኩት። ዓሣ ዓሣ ይላል፤ ኡፍፍ! አፍንጫዬን ይዤ ወጣሁላቸው፤ በሩንም ከውጭ ዘጋሁላቸው።