ያላለቀሰው በረዶ

የኮርብሪጅ ኮሌጅ የበረዶ ላይ ሆኪ ቡድን በረኛ ላይል ቲቦ የሞተው ሃያ አንድ ዓመት በሞላው በዘጠነኛው ቀን ነው። ሬሳው የተገኘው በኮሎራዶ ተራሮች ሥር ባለ አንድ ሆቴል የበረዶ መጫወቻ አዳራሽ፣ መልበሻ ክፍል ውስጥ፣ አግዳሚ ወንበር ላይ ነበር። ክፍሉ በአሞኒያ ሽታ ዓይን ያስለቅሳል። የኮሌጆች የሆኪ ዋንጫ ገና ሁለተኛ ዓመቱ ነው፤ ፍጻሜው በዚያው ቀን በስምንት ሰዓት ይጀመራል። እና ምን ተደረገ? ሬሳው ሳይነሳ በር ላይ ትኬት ይቆረጥ ነበር። እፍረት የሚባል ነገር እኮ ከዓለም ጠፍቷል!

የአስከሬን መርማሪዋ ወይዘሮ ቴክላ ኦስትበርግ በሦስት ሰዓት ስትደርስ፣ ሸሪፍ ሎማክስ ጥፋተኛውን ይዞ ጨርሷል። የበረዶ ማሽኑ ሠራተኛ አንሰልሞ ባካ በካቴና ታስሮ ኮሪደሩ ላይ ቆሟል።

«ነገሩ ግልጽ ነው» አለ ሸሪፉ። «በረዶውን የሚያቀዘቅዘው የአሞኒያ ጋዝ ከዚህ ግድግዳ ጀርባ ባለው ቧንቧ ነው የሚሄደው። ይሄ ሰውዬ በወጉ አልዘጋውም። ሌሊቱን ሲያፈስ አደረ፤ ልጁ እንደተኛ ቀረ።»

«ማን ነገረህ?»

«የልጁ አሰልጣኝ ፔልሃም ናቸው። ጠዋት ሬሳውን ያገኙት እሳቸው ናቸው።»

«እናቴ ትሙት አልነካሁትም!» አለ አንሰልሞ። «ጋዝ ቢያመልጥ ኖሮ መጀመሪያ የሚያለቅሰው በረዶዬ ነበር!»

«ዝም በል! እሱን ለዳኛው ትነግረዋለህ። ከአሥር ዓመት በታች አትቀምስም።»

ቴክላ ሃያ ዓመት ነርስ ነበረች። የሟቹን ሽፋሽፍት ገለጥ አደረገች፤ የቀኙ ብሌን ሰፍቷል፣ የግራው ጠብቧል። የቀኝ በኩል ፀጉሩ በቅባት ተለጥፎ ተበጥሯል። በጣቷ ስትከፍተው ሥሩ የሎሚ ያህል አብጧል። ከወንበሩ በታች ወለሉ እርጥብ ነበር። ነክታ በጣቶቿ አሸችው፤ እንደ ሳሙና ያሟልጫል።

የክፍሉ ቁልፍ የነበራቸው ከኮርብሪጅ ኮሌጅ ሦስት ሰዎች ናቸው፦ አሰልጣኙ፣ ወጌሻው ደድሊና ተጠባባቂው በረኛ ኪትሪጅ።

«ላይል እንደ ልጄ ነበር» አለ ፔልሃም፣ ባርኔጣውን ሳያወልቅ።

«ትናንት በግማሽ ፍጻሜው ተመትቶ ነበር?»

«ኧረ ምንም! ሆኪ እኮ ነው። በረኛ በባዶ ፊቱ ነው የሚቆመው። ጠፍጣፋዋ የጎማ ኳስ ጫር አደረገችው፣ ስቆ ተነሳ። ማታ ደከመኝ፣ እዚሁ ልተኛ አለ። እኛ ቤት እንዲህ ያለ የመርዝ ማሽን የለም፤ በሐይቅ ላይ ነው የምንጫወተው። በረዶውን የሚሠራልን እግዜር ነው።»

ወጌሻው ደድሊ ግን ቀና ብሎ አላያትም።

«የአሞኒያ ውሃ ትይዛለህ?»

«ጠርሙስ ሙሉ ነበረኝ። ዛሬ ጠዋት ባዶውን አገኘሁት። ራሱን ለሳተ ልጅ ጨርቅ ነክሬ አፍንጫው ሥር እይዝለታለሁ። ሁሉም ወጌሻ እንዲህ ነው የሚያደርገው።»

«ላይል ስንት ጊዜ ራሱን ሳተ?»

«ሁለቴ።»

«ከዚህ በፊት የት ሠርተሃል?»

«ቦስተን፣ የሥጋ ማቀዝቀዣ ቤት። ዘጠኝ ዓመት።»

ኪትሪጅ የበረኛ ትጥቁን ገና በጠዋቱ ለብሷል። ቶሮንቶ ተወልዶ፣ የአዳራሽ በረዶ እየጠረገ ያደገ ልጅ ነው።

«ትናንት ምን አየህ?» አለችው።

«በየክፍለ ጊዜው ጎል እንቀያየራለን አይደል? ሦስተኛው ሲጀመር ላይል ወደ ተጋጣሚዎቻችን ጎል ሄደ። እንደ ልማዱ ሁለቱን ቋሚ በዱላው መታ መታ አድርጎ ቆመ። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ።» ፊቱን በጓንቱ ሸፈነ። «እኔም ስቄያለሁ፣ ወይዘሮ ቴክላ። እኔም ስቄያለሁ!»

ወደ ሜዳው ወጣች። በረዶውን በተረከዟ ደበደበችው፤ ድንጋይ ነው። ማሽን ክፍል ገብታ የግፊት መለኪያውን አየች፤ መርፌው ከቦታው ንቅንቅ አላለም። በአምስት ሰዓት ሁሉንም መልበሻ ክፍሉ ውስጥ ሰበሰበቻቸው።

«ጋዝ ወለል አያረጥብም» አለች። «ይሄ እርጥበት ከደድሊ ጠርሙስ የፈሰሰ የአሞኒያ ውሃ ነው። ደግሞ ቧንቧው ሌሊቱን ሙሉ ሲያፈስ አድሮ ቢሆን፣ በረዶው ጠዋት ጭቃ ይሆን ነበር። አልሆነም። አንሰልሞ ያለው እውነት ነው። ልጁን የገደለው የጭንቅላት ምት ነው፤ ደሙ ቀስ ብሎ አንጎሉ ውስጥ ሲጠራቀም። ጎሉ የጠፋበት ለዚያ ነው። እናንተ ስትስቁ እየሞተ ነበር!»

ጣቷን ወደ እርጥቡ ወለል ቀሰረች።

«ታዲያ ጠርሙሱን ያፈሰሰው ማነው? ጋዝ ሲያመልጥ በረዶ እንደሚቀልጥ የማያውቅ ሰው። ደድሊ ዘጠኝ ዓመት ማቀዝቀዣ ቤት ነበር፣ ያውቃል። ኪትሪጅ በአዳራሽ በረዶ ላይ ነው ያደገው፣ ያውቃል።» ወደ አሰልጣኙ ዞረች። «አንተ ግን በረዶ ከሰማይ የሚወርድ ነው የሚመስልህ። ጠዋት ሞቶ ስታገኘው እብጠቱን በቅባት ሸፈንክ፣ ጠርሙሱን ደፋህ፣ ከዚያ የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ! ምስኪኑን ሰው አሳሰርከው!»

«መጫወት የፈለገው ራሱ ነው!» ብሎ ጮኸ ፔልሃም።

«የትኛው ራሱ? ጎሉን የማያውቀው?»

ደድሊ ድንገት ብድግ አለ። «ሐኪም ጋ ልውሰደው ብዬ ለመንኩህ! "ሐኪም ካየው ያግደዋል፣ ኪትሪጅ ደግሞ ወንፊት ነው፣ ሁሉን ያሳልፋል" አልከኝ! እኔም ፈሪ ነኝና ሰማሁህ።»

ሸሪፉ ፊቱ ቲማቲም መስሎ ካቴናውን ከአንሰልሞ እጅ ፈታ፣ ፔልሃም ላይ አሰረው። በዚህ መሃል የሆቴሉ ሥራ አስኪያጅ በሩን በርግዶ ገባ።

«ፍጻሜውስ? ሦስት ሺህ ሰው ይመጣል! ይሄ ልጅ ለብሷል፣ ይጫወት!»

ኪትሪጅ የእግር መከላከያውን ማሰሪያ አንድ በአንድ ፈታና ከላይል እግር ሥር አኖረው።

አንሰልሞ የተላጠ የእጅ አንጓውን እያሻሸ ወጣ። ማሽን ክፍሉን ከውስጥ ቆለፈ። ጥቂት ቆይቶ፣ ከጠዋት ጀምሮ ማንም ልብ ያላለው የማሽኑ ጉርምርምታ ቆመ። ሥራ አስኪያጁ በሩን እየደበደበ ቢለምን፣ ቢሳደብ፣ «ከሥራህ ተባረሃል» ቢል፣ የሚሰማው አላገኘም።

በስምንት ሰዓት ተመልካቹ ሲገባ ሜዳው ላይ ውሃ ተኝቷል። ቀይና ሰማያዊ መስመሮቹ ደብዝዘዋል። ሸሪፉ የፔልሃምን ቃል ተቀብሎ ሲጨርስ በሜዳው ጠርዝ በኩል ወደ መኪናው ወሰደው፤ ውሃው አሰልጣኙ ጫማ ውስጥ ገባ። አንሰልሞ አጥሩን ተደግፎ ቆሞ ነበር።

«አየህ?» አለው አሰልጣኙን። «በረዶ እንዲህ ነው የሚያለቅሰው።»