የአቶ እንየው ዳሌ እና የዳማው ክብር

አቶ እንየው የተገኙት ከጥርባ ወደ እንጅባራ በሚያመጣው መንገድ ዳር፣ ቦይ ውስጥ በጀርባቸው ተንጋለው ነው።

ደህና ናቸው። ስልካቸውም ደህና ነው። ዳሌያቸው ግን ደህና አይደለም።

አጠገባቸው አንድ ባጃጅ ሞተሩ እንደተነሣ ቆሟል። ሾፌሩ ባንተአምላክ ጎንበስ ብሎ ሊያነሣቸው ይታገላል። ያየው መንገደኛ ሁሉ አንድ ነገር አሰበ፤ ገጫቸው!

የባንተአምላክ ጥፋት መቆሙ ነበር። መቆሙ ሳያንስ ሆስፒታል አደረሳቸው። በሩ ላይ "ምን አገኘዎት?" ሲባሉ አቶ እንየው ዓይናቸውን ጨፍነው ጣታቸውን ወደ ባጃጁ ቀሰሩ።

ባንተአምላክ ፖሊስ ጣቢያ ገባ። እሑድ ሠርጉ ነው።

ኢንስፔክተር ስሜነሽ ባጃጁን ዞራ ዞራ አየችው። ጭረት የለበትም።

"ገጭተሃል?"

"ኧረ ኢንስፔክተር! ስደርስ ወድቀው ነው ያገኘኋቸው።"

"ታዲያ ለምን ቆምክ?"

"ሰው ወድቆ እያየሁ?"

"ከሆስፒታል የመጣው ወረቀት በባጃጅ ተገጭተው ይላል። ዳሌ መስበር ከባድ የአካል ጉዳት ነው። በቀላሉ አትወጣም።"

"ሙሽራዬስ?"

"እሷ አልተከሰሰችም።"

ወረቀቱ የወጣው ከሆስፒታሉ መዝገብ ሠራተኛ ከሜላት ኮምፒውተር ነው። የሜላት ሥራ ሐኪም የጻፈውን ሁሉ ወደ ኮድ መቀየር ነው፤ ለሰው ልጅ መከራ በሙሉ ቁጥር ወጥቶለታል። ዱሮ የባንተአምላክ እጮኛ ነበረች። ይህንን ከተማው ለስሜነሽ የነገራት ሳትጠይቀው ነው።

"በቂም ነው የጻፍሽበት?"

ሜላት ሳቀች። "ቂም ብይዝ ኖሮ በአውሮፕላን ነበር የማስገጫቸው። እሱም ኮድ አለው።"

"ይህስ ምን ይላል?"

"ሁለት ነው። አንዱ ኮድ ምን እንደተሰበረ ይናገራል። የጭን አጥንት ራስ የሚገባበት የዳሌ ጎድጓዳ ተሰብሯል። ሁለተኛው በምን እንደተሰበረ ነው።"

"የመጀመሪያውን በምን አወቃችሁ?"

"በራጅ።"

"ሁለተኛውንስ?"

"በአቶ እንየው አፍ።"

"በሳቸው ብቻ?"

"ምክንያት በራጅ አይታይም፣ ኢንስፔክተር።"

ስሜነሽ የሰውየውን ቃል እንደገና አነበበች። "በእግሬ ስጓዝ" ይላል። ይህንን ለሰፈራቸው ሰው ስትነግር ሰፈሩ ሳቀ። አቶ እንየው እኮ ጎረቤት ለቅሶ እንኳ በፈረስ የሚደርሱ ሰው ናቸው! በመጪው የፈረሰኞች በዓል ከፊት እንዲመሩ የተመረጡትም እሳቸው ናቸው።

ፈረሳቸው ዳማው ታዲያ የት ዋለ?

ሣር እየተከተለ ሄዶ ጥርባ ጫካ ዳር፣ ከነኮርቻው ሲግጥ ተገኘ። ግን ፈረስ ፍርድ ቤት ቀርቦ አይመሰክርም። ስሜነሽ ወደ ሆስፒታሉ ተመለሰች።

አቶ እንየው እግራቸው ተወጥሮ ተኝተዋል።

"እንኳን ደስ ያለዎት፣ አቶ እንየው። ጥፋተኛው ተይዟል።"

"ባጃጁ?"

"ዳማው።"

አንገታቸው ከትራሱ ተነሣ።

"ባጃጅ አይቶ ደንብሮ ጥሎዎታል እየተባለ ነው። እንዲህ ያለ ደንባራ ፈረስ በዓሉ ላይ ሕዝብ ይፈጃል። ጥሊሊ ገበያ ወጥቶ ለጋሪ ቢሸጥ ይሻላል ይላሉ።"

"ለጋሪ?"

"ፈሪ ነዋ።"

"ፈሪ!" አልጋው ተንቀጠቀጠ። "አንቺ ልጅ፣ ዳማው ሲኖትራክ በጎኑ ሲያልፍ ጆሮውን የማያነሣ ፈረስ ነው! ባጃጅ አይቶ ሊደነብር? የምን ባጃጅ! ባጃጁ የመጣው እኔ ከወደቅሁ በኋላ ነው!"

ስሜነሽ ቃሉን ጻፈችው።

"እሰይ ዳማው!" አለ ከጎን አልጋ የተኛው በሽተኛ።

አቶ እንየው ብርድ ልብሱን እስከ አገጫቸው ሳቡት።

"ታዲያ ማን ጣለዎት?"

"ኔትወርክ።"

ርካብ ላይ ቆመው፣ ስልካቸውን ወደ ሰማይ ዘርግተው ኔትወርክ ሲፈልጉ ዳማው ሣር አየና አንገቱን ደፋ። ፈረሱ ካለበት አልተነቃነቀም። ጌታው ግን ጉዟቸውን ቀጠሉ።

"ለዚህ ሰው ያሳስራሉ?"

"የፊት መሪ ነኝ እኮ። በግልቢያ ብወድቅ ወግ ነው። ከቆመ ፈረስ ወደቀ ተብሎ እስከ ልጅ ልጅ ይዘፈንብኝ? በባጃጅ መገጨት ግን ማንም ላይ ይደርሳል።"

"ልጁ እሑድ ሠርጉ ነው። ሙሽራዋ ጣቢያው በር ላይ ናት።"

አቶ እንየው ብርድ ልብሱን ከአገጫቸው አወረዱት።

"ፍቱት። ቃሌን ልቀይር" አሉ በመጨረሻ። "ሙሽራም በባጃጅ አይሄድም። ዳማውን ስጡት።"

"በሐሰት የወነጀሉበት ክስ ግን አይቀርልዎትም።"

"እሺ። ዳሌዬ ይጠገንና በፈረስ እመጣለሁ።"

ሜላት ኮዱን ልታስተካክል መጣች። "ከፈረስ ወድቀው ብዬ ነው የምቀይረው።"

"ሲጋልብ የሚል የለውም፣ ልጄ?"

"ኮዱ ቢጋልቡም ቢቆሙም አንድ ነው።"

አቶ እንየው ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አሉ። "እንግዲያው ስጋልብ ነበር።"

ከጎን አልጋ ያለው በሽተኛ ግን ቅዳሜ ወጣ፤ ወሬውም አብሮት ወጣ።

እሑድ ባንተአምላክ በተሸለመው ዳማው ላይ ሆኖ፣ በዘፈን ታጅቦ ወደ ሙሽራዋ ቤት ሲገሰግስ ኪሱ ውስጥ ስልኩ ጮኸ። እጁን ሰደደ።

ሚዜው፣ አጃቢው፣ የመንገድ ዳር ተመልካቹ ሁሉ ባንድ ድምፅ ጮኹ፦

"ወርደህ አንሣው!"