አራት መቶ አሥራ ሁለት ባዶ ቦታዎች

ስሞቹን ለመጨረሻ ማቆየት ስህተት ነበር። ሃያ ስድስት ዓመት የተለፋበትን የትርጓሜ መጽሐፍ ያበላሸው እሳት አይደለም፤ ጦርም ምስጥም አይደለም፤ ጥቁሩ ቀለም ቀድሞ ቀዩ እንዲከተል የሚያዘው የጸሐፊዎች ልማድ ነው።

ዘመኑ ሺህ አምስት መቶ ሃምሳ ሦስት ዓመተ ምሕረት ነበር፤ የማተሚያ መሣሪያ ወሬው እንጂ መሣሪያው ወደ ከተማይቱ ገና ያልደረሰበት፣ መጽሐፍ ሁሉ በእጅ የሚገለበጥበት ዘመን። በዚያ ጊዜ ከትምህርት ቤቱ ግንብ ጀርባ ባለች ባለ ሁለት ክፍል ቤት አንድ መምህር ከልጃቸው ጋር ይኖሩ ነበር። ሥራቸው በሐዋርያው መልእክቶች ላይ የጥንት መምህራን የተናገሩትን ትርጓሜ ከያለበት መልቀም ነበር፤ አንዱን ቃል ከተቀደደ ድርሳን፣ ሌላውን ከሩቅ አገር በመጣ ደብዳቤ፣ ሌላውን ካረጀ ሰው አፍ እየለቀሙ በቁራጭ ብራና ያሰፍሩታል። ልጃቸው ትገለብጣለች። በገጹ መካከል መልእክቱን በጎላ ፊደል፣ በዙሪያው ትርጓሜዎቹን በደቃቅ ፊደል ትጽፋለች፤ የእያንዳንዱ ትርጓሜ መነሻ ላይ የተናጋሪው ስም በቀይ ይገባል። ከአሥራ አምስት ዓመቷ ጀምሮ ስትጽፍ ኖራ አሁን ሠላሳ አንድ ሞልቷታል፤ እጇ ከአባቷ እጅ ይበልጣል ይባል ነበር፤ እሷም ይህን ታውቃለች፤ አላፈረችበትም።

ቀይ ቀለም ተበጥብጦ ሲቆይ ይረጋል። ስለዚህ ማንኛውም ጸሐፊ ጥቁሩን ከዳር እስከ ዳር ጨርሶ፣ ለእያንዳንዱ ስም ሁለት ጣት ያህል ባዶ ቦታ ትቶ፣ በመጨረሻ ቀዩን በጥብጦ በአንድ ሳምንት ይሞላዋል። ስሞቹ የተጻፉባቸው ቁራጮች እስካሉ ድረስ በዚህ ማንም አይጎዳም። መምህሩ ግን ብራና ስለማይበቃቸው፣ ልጃቸው ገልብጣ የጨረሰቻቸውን ቁራጮች እየፋቁ የሚቀጥለውን ምዕራፍ ይጽፉባቸው ነበር። «ስሞቹስ?» ስትላቸው ግንባራቸውን በጣታቸው መታ መታ ያደርጋሉ።

«እዚህ አሉልሽ። አንቺ ጥቁሩን ጨርሺ።»

ጥቁሩን በመጋቢት አጋማሽ ጨረሰች። በአራተኛው ቀን መምህሩ ከወንበራቸው ሊነሡ ሲሉ በቀኝ ጎናቸው ወደቁ፤ ከዚያ ወዲህ ቀኝ እጃቸውም ምላሳቸውም አልታዘዘላቸውም።

በዚያው ሰሞን አዋጅ ወጣ። የሃይማኖት መምህራን ለሁለት ወገን ተከፍለው ለዓመታት ሲካሰሱና በአደባባይ ሲፈነካከቱ የሰለቻቸው የከተማይቱ ገዢ፣ አንደኛው ወገን ድል ማድረጉ በታወቀ ጊዜ እንዲህ ብለው አሳወጁ፤ ከእንግዲህ ወዲህ እያንዳንዱ ቃል የተናጋሪው ስም ያልተጻፈለት ትርጓሜ በትምህርት ቤት አይነበብ፤ በሕይወት ያለ ሰው ቃል እንደ ምስክር አይቆጠር፤ ስም የጎደለው መጽሐፍ ብራናው ተፍቆ ለፍርድ ቤት ጽሕፈት ይዋል። የተሰጠው ቀን ሃያ ነበር። መምህሩ የተሸነፈው ወገን ሰው ነበሩ፤ ይህንንም የማያውቅ አልነበረም።

ልጅቱ መጽሐፉን አባቷ በተኙበት ክፍል በመስኮቱ ሥር ዘርግታ ባዶዎቹን ቆጠረች። አራት መቶ አሥራ ሁለት ናቸው። ከልጅነቷ ጀምሮ በአባቷ አፍ ስትሰማቸው የኖረቻቸውን ሦስት መቶ ሠላሳ ሁለቱን ለይታ በሰባት ቀን በቀይ ሞላች።

«ስንት ቀረሽ?» አለቻት አክስቷ። የመምህሩ ታናሽ እህት ናት፤ ወንድሟን ልታስታምም ከመጣች ጀምሮ ቤቱን በምላሷ ትገዛዋለች።

«ሰማንያ። ስድሳ አንዱ የማን እንደሆነ አላውቅም። አሥራ ዘጠኙ የራሳቸው የአባዬ ነው።»

«የራሱ ከሆነ ምን ቸገረሽ? የእሱ ነው በያ።»

«በሕይወት ያለ ሰው አይቆጠርም ተብሏል።»

አክስቲቱ ማንኪያውን ከወንድሟ አፍ መልሳ ለአፍታ አየችው። «በሕይወት አለ የሚሉት ይሄን ነው? እስቲ አንድ ቀን መጥተው ያጉርሱት። ዕድሜውን ሙሉ የሞተ ሰው ሲያስታምም ኖሮ፣ አሁን ደግሞ አልሞትክም ተብሎ ይከሰስ?»

ልጅቱ አልሳቀችም። ወደ አልጋው ቀርባ አንድ ዘዴ ሞከረች፤ ቃሉን ታነባለች፤ የጥንት መምህራኑን ስም፣ የደሴቱ መምህር፣ የገዳሙ ሽማግሌ እያለች አንድ በአንድ ትጠራለች፤ እውነተኛው ስም ላይ ስትደርስ ዓይናቸውን እንዲከድኑ ነገረቻቸው። ሁለት ቀን እንዲህ ዋለች። በመጀመሪያው ቀን ሃያ ሁለት ስም አገኘች፤ ደስታዋም ትልቅ ነበር፤ እንጀራ መብላት እንኳ ረሳች። በሁለተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ ግን ጥርጣሬ ገባትና አንዱን ቃል ደግማ አነበበች።

«አባዬ፣ ይሄን ያሉት የደሴቱ መምህር ናቸው?»

ዓይናቸውን ከደኑ። ትናንት በዚሁ ቃል የከደኑት በሌላ ስም ነበር።

«አባዬ፣ ይሄን ያለው ጎረቤታችን ጫማ ሰፊው ነው?»

ከደኑ።

አክስቲቱ ሳቋ አመለጣት። ከዚያ ሳህኑን አንሥታ ወደ ጓዳ ገባች፤ ብዙ ቆየች።

በአሥራ ስምንተኛው ቀን፣ መጻሕፍቱን እንዲያይ ከተሾመው የመምህራን ጉባኤ መርማሪው መጡ። ከመምህሩ ጋር በአንድ ክፍል የተማሩ፣ በኋላ ወገን መርጠው የተሾሙ፣ ጉልበታቸውን እያሻሹ የሚቀመጡ ሽማግሌ ናቸው። ወደ አልጋው አየት አድርገው «እግዚአብሔር ይማረው» አሉ፤ ከዚያ ወዲያ ወደዚያ አልዞሩም። መጽሐፉን ገለጥ ገለጥ አደረጉት።

«እጅሽ አልተለወጠም። የቀሩትን መቼ ትሞያለሽ?»

«የማውቀውን ሞልቻለሁ።»

«የማታውቂውንም ሙዪው።»

«በምን?»

«በስም ነዋ፣ ልጄ። የደሴቱ መምህር አሉ፤ የገዳሙ ሽማግሌ አሉ። ሁለቱም ብዙ ተናግረዋል፤ ከተናገሩት ግማሹ ጠፍቷል። ከጠፋው ውስጥ ነው ብንል ማን ተነሥቶ አይደለም ይላል?»

«እኔ።»

«አንቺን ማን ይጠይቅሽና?»

መጽሐፉን ከእጃቸው ወስዳ አንድ ገጽ ገለጠች። ሐዋርያው በስተርጅና፣ በእስር ላይ ሆኖ፣ ከወዳጁ ቤት የተወውን ካባ እንዲያመጣለት የሚለምንበት ቦታ ነው። በዙሪያው አራት ትርጓሜ ሰፍሯል። ካባው ጸጋ ነው ይላል አንዱ፤ ክህነት ነው ይላል ሁለተኛው፤ ነፍስ የምትለብሰው ሥጋ ነው ይላል ሦስተኛው። አራተኛው ስም የለውም። እሷ ጮክ ብላ አነበበችው።

«‹አርጅቷል፤ ክረምቱ ቀርቧል፤ የእስር ቤቱ ወለል ድንጋይ ነው። ካባውን የጠየቀው ስለ በረደው ነው። ሐዋርያ እንዴት ይበርደዋል የሚል ሰው መጽሐፉን ዘግቶ ይሂድ።›»

መርማሪው ጉልበታቸውን ማሻሸት አቆሙ።

«ይሄን መልእክት በተማርንበት ዓመት የመማሪያ ክፍላችን መስኮት ተሰብሮ ነበር» አሉ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። «እኔና እሱ የምንለብሰው አንድ ብርድ ልብስ ነው። መምህራችን ካባው ጸጋ ነው ሲሉ አባትሽ ብድግ ብሎ ‹የለም፣ በርዶት ነው› አለ። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። ተገረፈበት።»

«እንግዲያው ምስክር አለኝ።»

«የለሽም።»

«አሁን ነገሩኝ እኮ።»

«ለአንቺ ነዋ የነገርኩሽ። ለጉባኤው የነገርኩ ዕለት ይሄ መጽሐፍ የማን እንደሆነ አብሬ ነገርኩ ማለት ነው። አሁን የሚያውቁት አንድ ያረጀ ጸሐፊ ቤት የተገኘ መጽሐፍ መሆኑን ነው፤ እንዲያ ብዬ ነው ያስመዘገብኩት። በአንዱ ቃል የተነሣ አራት መቶውም ይፋቃል። ከእሱ ጋር በአንድ ብርድ ልብስ ያደረው ማን እንደነበረም ይጠየቃል።»

«ፈርተው ነው።»

«አዎ፣ ፈርቼ ነው። ልጆች ቢኖሩሽ አንቺም ትፈሪ ነበር።»

«ልጅ የለኝም። ያለኝ ይሄ ነው።»

መርማሪው ተነሡ። «ከነገ ወዲያ እመጣለሁ። ስም የሌላቸውን ወይ ፍቂያቸው፤ ወይ ስም ስጪያቸው። ከዚህ ሌላ የማውቀው ነገር የለም።»

በማግስቱ ጠዋት የመፋቂያውን ቢላ ይዛ ተቀመጠች። የካባውን ገጽ ገልጣ ስለቱን በመጀመሪያው ቃል ላይ አኖረች፤ ቆየች፤ አነሣችው። ከተፋቀ የለም፤ በሰው ስም ከተጻፈ ቢያንስ ይነበባል፤ ሌላ ምክንያት አልነበራትም፤ ይህም ምክንያት ጥሩ መስሎ አልታያትም። ቀዩን በጠበጠች።

ከስድሳ አንዱ ጀመረች። ለመጀመሪያዎቹ አሥር ቃላት አንዱን አነጋገር ከሌላው እያመዛዘነች ይህ የገዳሙን ሽማግሌ ይመስላል፣ ያኛው የደሴቱን መምህር ይመስላል እያለች ተጨነቀች። ከአሥረኛው በኋላ ማመዛዘኑን ተወችው፤ አንዱን ለደሴቱ አንዱን ለገዳሙ እያፈራረቀች ታድል ጀመር። ይህን ያህል ቀላል ይሆናል ብላ አላሰበችም ነበር። አባቷ አንድ ስም ለማረጋገጥ የአሥር ቀን መንገድ በእግራቸው ሄደው ያውቃሉ፤ እሷ እስከ ምሳ ሰዓት ስድሳ አንዱን ጨረሰች። ከዚያ የአባቷን አሥራ ስምንቱን አደለች። በመጨረሻ የካባውን ቃል ለደሴቱ መምህር ሰጠች፤ ፀሐይ ከዓመት እስከ ዓመት በምታቃጥልበት ሞቃት አገር ተወልደው እዚያው የሞቱ፣ ብርድ ምን እንደሆነ ከመጽሐፍ ብቻ ያነበቡ ሰው ነበሩ።

መርማሪው በቀጠሯቸው መጡ። በመስኮቱ ሥር ተቀምጠው እያንዳንዱን ቀይ ስም በጣታቸው እየተከተሉ አዩ። ካባው ጋ ሲደርሱ ጣታቸው ቆመ።

«የደሴቱ መምህር እንዲህ ማለታቸውን አላውቅም ነበር» አሉ።

«አሁን አወቁ» አለች።

ቀና ብለው አላዩዋትም። ማኅተማቸውን አውጥተው በመጀመሪያው ገጽ አሳረፉ።

«በመጨረሻው ገጽ የሰበሰበውን ሰው ስም ልጽፍ ነው።»

«ተይ።»

«አንድ መስመር ነው።»

«አንድ መስመር ነው የሚያስፍቀው። ‹በአንድ ኃጢአተኛ እጅ ተጻፈ› በዪ፤ ሁሉም እንዲህ ነው የሚለው። ሦስት ቅጂ ደግሞ ለሌሎቹ ትምህርት ቤቶች ይፈለጋል፤ ከአንቺ እጅ ቢሆን ደስ ይለኛል።»

እንዳሏት ጻፈች። ቀለሙ ሲደርቅ መርማሪው መጽሐፉን በብብታቸው ይዘው ሄዱ።

መጽሐፉ ብዙ ዕድሜ አገኘ። በተከታዩ መቶ ዓመት ውስጥ ከአርባ ጊዜ በላይ ተገለበጠ፤ በኋላም ታተመ። የካባው ቃል ከሁሉ ይልቅ ተወደደ፤ ሊቃውንት በየስብከታቸው ጠቀሱት፤ ሌሎች ሊቃውንት ደግሞ ከዚህ ቃል ተነሥተው የደሴቱ መምህር በወጣትነታቸው በብርዳም አገር ታስረው እንደነበር አረጋገጡ፤ የታሰሩበትን ዓመት እንኳ የወሰነ አልጠፋም። ከስድሳ አንዱ መካከል ሐሰት መሆኑ የተደረሰበት አንድ ብቻ ነው፤ እሱም የቅጂ ስህተት ነው ተብሎ ታለፈ። መርማሪው በታሪክ መዝገብ ቅን ፈራጅ ተብለው ተጽፈዋል። መምህሩ በዚያው ዓመት ሰኔ ላይ ሞቱ፤ የተቀበሩበት ቦታ አይታወቅም፤ ስማቸው በአንድም መጽሐፍ አልተገኘም። ታሪክ የሚያስታውሰው የተጻፈለትን ነው፤ የጻፈለት ሰው ምን እንዳስገደደው አይጠይቅም።

በዚያ ቀን ግን ይህ ሁሉ ገና አልሆነም። መርማሪው ከወጡ በኋላ ልጅቱ ወደ አልጋው ሄዳ አጎንብሳ «አባዬ፣ አለፈ፤ አልተፋቀም» አለቻቸው። መምህሩ ጣሪያውን እያዩ ነበር፤ ማየታቸውን ቀጠሉ።

«እሱን ተዪው አሁን» አለች አክስቷ፤ ትራሱን እያስተካከለች። «ሦስቱን ቅጂ ትጽፊላቸዋለሽ?»

«አልጽፍም።»

«ከዚህ ሌላ የምትችይው ሥራ ምን አለና?»

«ምንም የለም። ሁለተኛ ከጻፍኩት ግን እኔም አምነዋለሁ።»

ብርዖቹን እንደተበተኑ ትታ ተነሣች፤ ወጣች፤ በሩን ከውጭ ዘጋችው።