በሁለት እጁ ተቀበለ

«አስቀምጥና ዙር!» አለ ጭምብል ያጠለቀው ሰው በዕብራይስጥ፣ ሽጉጡን ደግኖ።

ማንያዘዋል ያልሰማ መስሎ ቦርሳውን ዘረጋለት። የናታንያ ከተማ የባሕር ገደል አፋፍ ገና በማለዳው ጭር ብሏል። በፖሊስ ስለላ ክፍል የምስጢር ስሙ «ሸማኔ» ነው። ለአጋቾቹ ግን የዝነኛውን ዘፋኝ የኒርን አትክልተኛ፣ ጺሙ የሸበተውን አባ ጥሩነህን መስሎ ቀርቧል። ይህን ከአለቃው በቀር የሚያውቅ የለም። «ፖሊስ ከሸተተን ልጅቷን ሞታ ታገኟታላችሁ፤ ቤዛውን አትክልተኛው ያምጣ» ያሉት እነሱው ናቸው። ጥቁር ሽማግሌ ምን ያመጣል ብለው!

የስድስት ዓመቷ ኦዴያ ከታገተች ሰንብታለች። አባቷ ኒር በየትኛው ጎኑ ሲያለቅስ ለካሜራ እንደሚያምር እየመረጠ ነው። አባት ተብዬ።

ባለጭምብሉ አመነታ። ሽጉጡን ወገቡ ላይ ሻጠ። አንገቱን ሰበር አድርጎ ቦርሳውን ተቀበለ።

በሁለት እጁ።

ማንያዘዋል ክው አለ። ሽማግሌ የሚያከብር ቀማኛ የሚወጣው ከእኛው ቤት ነው።

«እደግ፣ ልጄ» አለ በአማርኛ።

«አሜን።»

አመለጠው። ድምፁ የባራክ ነበር፤ የአክስቱ የፈንታነሽ ልጅ፣ ማንያዘዋል ራሱ ዋስ ሆኖ ስለላ ክፍል ያስገባው። ልጅቷ ኤቨን የሁዳ የሚባል መንደር አለች የሚለውን ወሬ ያመጣውም እሱ ነው። የፖሊስ ኃይሉ በሙሉ አሁን እዚያ ባዶ በረት ከቧል።

በምርኩዙ ጉልበቱን መታው። ሽጉጡን መነተፈ። ጭምብሉን ገፈፈ።

«ማንያዜ? አንተ ነህ?»

«ልጅቷ የት ናት?»

«ቤሴደር፣ እሺ! ኪርያት ሀሻሮን ሰፈር፣ ያላለቀው ሕንፃ ምድር ቤት። አልነካኋትም። እንካፈል፣ ማንያዜ… ስለ እናቴ!»

«ለሽማግሌ እያጎነበስክ ሕፃን ትሰርቃለህ። ቱ! ወራዳ!»

ግን «ስለ እናቴ» ያለው አንጀቱን በላው። እሱን በልጅነቱ በሱዳን በረሃ አዝላ ያሻገረችው ፈንታነሽ ናት። ቢሆንም ካቴናውን አጠለቀለት።

ኦዴያ በሕይወት ተገኘች። ኒር አቅፏት ለካሜራ ሲቆም፣ አንድ ፖሊስ ሽማግሌውን አትክልተኛ «ዞር በል፣ መንገድ አትዝጋ» አለው። ማንያዘዋል ዞር አለ። የውሸት ጺሙን ላጥ አድርጎ ጥሎ አውቶቡስ ተሳፈረ።

ማምሻውን አክስቱ ቤት ሄደ። ፈንታነሽ እጁን ጨብጣ አልለቅ አለች።

«አንተ ሚሽታራ ውስጥ ነህ፣ ፖሊሶቹን ታውቃለህ። ልጄን ያስያዘውን ሰው ስሙን ብቻ አምጣልኝ። ተንበርክኬ ልርገመው!»

«እሺ፣ አክስቴ» አላት።