ቀን ያልተቆረጠለት ትእዛዝ

አዲሱ የፍርድ ቤት ሕግ በታወጀ በሰባተኛው ዓመት፣ ክረምቱ ወጥቶ ጭቃው መድረቅ በጀመረበት አንድ ሰኞ ጠዋት፣ ልብስ ሰፊዋ የችሎቱን የድንጋይ ደረጃ ለዘጠነኛ ጊዜ ወጣች፤ በብብቷም የሕፃን ቀሚስ ሸጉጣ ነበር። ባሏ በሞተ በወሩ፣ የባሏ ታላቅ ወንድም የጉምሩክ ሹሙ «ሐዘንሽ እስኪወጣልሽ እኔ ዘንድ ትቆይ» ብሎ የሁለት ዓመት ልጇን ወሰደባት፤ ወስዶም ቀረ። ፍርድ ቤቱ «ሕፃኗ ለእናቷ ትመለስ» ብሎ ካዘዘ እነሆ አሥራ አንድ ወሩ ነው።

ሹሙ እንቢ ብሎ አያውቅም፤ ክፋቱም እዚያ ላይ ነበር። አንድ ጊዜ ልጅቱን ጉንፋን ይዟታል፤ አንድ ጊዜ መንገዱ ጨቅይቷል፤ አንድ ጊዜ ሠረገላው ተሰብሯል። ደጅ ጠኚዎቹም «ክቡር ነገ» የሚል ስም አውጥተውለት ነበር።

«ዛሬስ ምን አለ ክቡር ነገ?» አሏት አንድ ሽማግሌ ባለጉዳይ፣ አግዳሚው ላይ ጠጋ ብለው ቦታ እየሰጧት።

«ዛሬ ራሱ ይመጣል አባባ። ችሎት ደፍሯል ብዬ ከስሼዋለሁ።»

«እሱን? ጎሽ የኔ ልጅ! ግን ልብሽን አጽኚ፤ ቆዳው የጉማሬ ነው።»

ሹሙ ባለ ብር እጀታ ከዘራውን እየወዘወዘ ገባና እጅ ነሣ። «ክቡር ዳኛ፣ ትእዛዙን በሁለት እጄ ተቀብያለሁ፤ እፈጽማለሁም። ዘገየህ የሚለኝ ካለ ግን ያሳየኝ፤ ቀን ተቆርጦልኛል?»

ዳኛው ወረቀቱን አንሥተው አነበቡ። ቀን አልነበረውም። በዚያ ችሎት የቆየ ወግ ነበረና፤ ለተራ ሰው የሚጻፍ ትእዛዝ ቀንና ሰዓት ይቆረጥለታል፤ ለባለማዕረግ ሲሆን ግን «በተመቸዎ ጊዜ» ተብሎ ይታለፋል። ትእዛዙን የጻፈው የችሎቱ ጸሐፊ እንዳቀረቀረ ቀረ።

ልብስ ሰፊዋ ሳይፈቀድላት ተነሣችና ቀሚሱን ዘረጋችው።

«ይህን የሰፋሁት በትእዛዙ ማግስት ነው፤ ነገ ትመጣለች ብዬ! ሁለት ጊዜ ከታች ቀጠልኩበት፤ ሳላያት፣ በግምት! ልጅ ቀን እስኪቆረጥላት ቆማ ትጠብቃለች እንዴ? ታድጋለች እኮ ጌታዬ! ቁመቷ የት እንደደረሰ እሳቸውን ይጠይቁልኝ፤ እኔ እናቷ አላውቀውም!»

«ሴትየዋ ሐዘኗ ገና አልወጣላትም» አለ ሹሙ ፈገግ ብሎ።

የዳኛው ፊት ደም መሰለ።

«ቀን ያልጻፍነው እኛ ነን፤ ለእሱ ፈጣሪ ይጠይቀኛል። ለክብርዎ ብለን የተውንልዎትን ክፍተት በእናት ላይ ዱላ ያደረጉት ግን እርስዎ ነዎት፤ ችሎት መድፈር ማለት ይህ ነው። ልጅቱ በዚህ በር እስክትገባ ድረስ ከቆሙበት ንቅንቅ አይሉም። ወንበርም እንዳይሰጣቸው!»

«እኔ ነኝ እንዲህ የምባለው?»

«እርስዎ ነዎት። ተመቸዎ?»

አሥራ አንድ ወር ሙሉ የታጣ ሠረገላ በአንድ ሰዓት ተገኘ። ልጅቱ ሞግዚቷን ሙጭጭ ብላ ገባች፤ እናቷ ተንበርክካ እጇን ብትዘረጋላት ጮኻ ከሞግዚቷ ኋላ ተደበቀች።

ልብስ ሰፊዋ አላለቀሰችም። ከተንበረከከችበት ቀና ብላ ሹሙን አየችው።

«ይኸው፣ ፈጸሙ» አለችው።

ጸሐፊው «ትእዛዙ ተፈጽሟል» ብሎ መዝገቡን ዘጋ፤ ያን መዝገብ የሚገልጥ ሰው ከዚህ ሌላ የሚያገኘው የለም። ከጥቂት ዓመታት በኋላም ማንኛውም ትእዛዝ ያለ ቀን እንዳይጻፍ የሚያዝ ደንብ ወጣ፤ ደንቡን ያወጣው ምክር ቤት ሰብሳቢ ሆኖ ከግርጌው የፈረመው ያው የጉምሩክ ሹም ነበርና፣ ታሪክ ጸሐፊዎች ለፍትሕ የተጋ ሰው ሲሉ አመሰገኑት። ልጅቱ እናቷ ቤት ገብታ ስንት ሳምንት ሞግዚቷን እየተጣራች እንዳለቀሰች፣ «እማ» ለማለትም ምን ያህል ጊዜ እንደፈጀባት ግን የጻፈው የለም፤ ከሰው መዝገብ በላይ ሌላ መዝገብ አለ ብለን ካላመንን በቀር፣ ያ ሁሉ ቀን እንደ ዋዛ ጠፍቶ ቀርቷል።