ኢምባባ ውስጥ ሳሊ የለችም

ኢንሺራሕ በካይሮው የስልክ መልስ መስጫ አዳራሽ ውስጥ ሳሊ ነበረች። አጠገቧ የሚቀመጠው ልጅ ደግሞ ማክስ። ባሕር ማዶ የልብስ ማጠቢያ ማሽናቸው እምቢ ያላቸው ሰዎች ሲደውሉ የሚያጽናኗቸው እነሱ ናቸው። የኩባንያው ደንብ ጥብቅ ስለሆነ እርስ በርሳቸው እንኳ በእንግሊዝኛ ነው የሚያወሩት፤ በእውነተኛ ስማቸውም አይጠራሩም።

ልማድ ክፉ ነው፤ ከሥራ ሲወጡም ሳሊና ማክስ እንደሆኑ ቀሩ። በመስተዋት በተሠራው የገበያ ማዕከል ሃምበርገር ይገምጣሉ፤ የማይገዙትን ጫማ ይለካሉ።

«አባቴ በምግብ ንግድ ላይ ነው» አለችው አንድ ቀን።

«የኔም በልብስ» አላት።

ከዚያ ተያዩ። ዓይኑ ውስጥ ብትቀር ደስ ባላት ነበር፤ ግን ቤቷ ገብታ አለቀሰች። ትወደዋለች። የሀብታም ልጅ ነው፤ ቤቷን ያየ ቀን እንደሚርቃት አልተጠራጠረችም።

አባቷ ኢምባባ በሚባለው የድሆች ሰፈር መንገድ ዳር በጋሪ ፉል ይሸጣሉ። አርብ አርብ ጠዋት ጭልፋውን የምትይዘው እሷ ናት።

አንድ አርብ ደልደል ያሉ ሴትዮ ጋሪው ዘንድ ቆሙ። ልጃገረድ ከማጨታቸው በፊት ሰፈር የሚያጣሩ እናት መሆናቸው ከአስተያየታቸው ያስታውቃል።

«ወንድሜ፣ ሳሊ የምትባል ልጅ ታውቃለህ? ከፈረንጅ ጋር በስልክ የምታወራ። የኩባንያው መኪና እዚህ ጥግ ነው የሚያወርዳት አሉ።»

«ሳሊ?» አባቷ ሳቁ። «እትዬ፣ እዚህ ቦታ ሠላሳ ዓመት ፉል ሸጫለሁ። በዚህ ስም ድመት እንኳ አላውቅም!»

«አዬ ልጄን! ተጫውታበታለቻ። በቃ፣ ተዋት እለዋለሁ።»

ሴትዮዋ ሊሄዱ ዞሩ።

የኢንሺራሕ እጅ ሽንኩርት ሽንኩርት ይሸታል። ዝም ብትል ማንም አያውቅባትም። ዝም ካለች ግን ማክስ ቀረ።

«እናቴ!» አለች፣ ጭልፋውን እንደያዘች። «ሳሊ እኔ ነኝ። ስሜ ኢንሺራሕ ነው። አባቴም እኚህ ናቸው። የምግብ ንግድ ያልኩት ይሄንን ጋሪ ነው።»

ሴትዮዋ ከእግር እስከ ራሷ አዩዋት። ጋሪውን አዩ። ከዚያ ሆዳቸውን ይዘው ይስቁ ጀመር።

«ውሸትና ስንቅ እያደር ይቀላል! ያ ጉደኛ ደግሞ የልብስ ንግድ አለሽ? አባቱ ሹብራ ሰፈር ውስጥ የሰው ልብስ እየተኮሰ ነው ያሳደገው! ስሙም ረጀብ ነው።» ወደ ጥጉ ዞረው ተጣሩ። «አንተ! ከዚያ ከቆመው መኪና ጀርባ ውጣ፣ አይተንሃል!»

ረጀብ ፊቱ ቲማቲም መስሎ ብቅ አለ። ጋሪው ፊት ሲደርስ አንገቱን ደፋ።

«የሀብታም ልጅ መስለሽኝ እኮ ነው» አለ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በሰፈሩ አረብኛ።

«እኔም አንተን።»

«ኢንሺራሕ...»

የአያቷ ስም ነበር፤ ስታፍርበት ነው ያደገችው። አሁን ግን ልቧ ሞላ።

«እስቲ ደግመህ ጥራኝ» አለችው።

ረጀብ ቀና ብሎ፣ አባቷ እየሰሙ፣ ሰፈሩ ሁሉ እየሰማ፣ ጠራት።