የሁዳዴው ቶፉ

ዶርቃ በዓይኗ ሳታያቸው የፈራቻቸው ሰው ቢኖሩ የፍቅረኛዋ የቴዎ እናት ወይዘሮ ብርነሽ ናቸው። ዛሬ ማክሰኞ፣ አስራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ፣ እኚሁ ሴትዮ ከብስራተ ገብርኤል ተነስተው ጀሞ፣ እሷ ቤት፣ አራተኛ ፎቅ ድረስ ሊመጡ ነው። ለእራት። ያውም በሁዳዴ።

ከቴዎ ጋር የተዋወቁት አምና ታክሲ ሰልፍ ላይ ነው። ፌስታሏ ተቀዶ አንድ ኪሎ አኩሪ አተር አስፋልቱ ላይ ሲበተን ሰልፈኛው ሁሉ እየረገጠ አለፈ። እሱ ብቻ ተራውን ለቆ፣ ተንበርክኮ ይለቅም ጀመር። መልኩ እንኳ ያን ያህል አይደለም፤ ጆሮው ትንሽ ይሰፋል። ግን የለቀመውን ሲሰጣት ቀና ብሎ ያያት አስተያየት፣ በቃ፣ ጨረሳት።

«ይሄን ሁሉ ምን ልታደርጊው ነው?» አላት።

«ቶፉ።»

«እሱ ደግሞ ምንድን ነው?»

«ስትቀምሰው ታውቀዋለህ።»

ያኔ ደፋር ነበረች።

ቶፉ፣ ከአኩሪ አተር ወተት የሚረጋውን አይብ መሰል ነገር፣ መሥራት የተማረችው የቻይናዎች ካምፕ ውስጥ ምግብ ስታበስል ነው። ቴዎ ደግሞ ጿሚ ነው፤ ቀልድ አያውቅም። እሷ የሆሳዕና ልጅ፣ የጴንጤ ቤት ልጅ ናት፤ ሁዳዴ ገባ አልገባ ምግቧ ያው ነው። አብረው የሚበሉት ሲጠፋ ያቺ ነጭ ነገር መላ ሆነቻቸው። ፆም በገባ ቁጥር ለሱ የምትሠራበት ትንሽ ድስት እንኳ ለብቻዋ መደርደሪያው ላይ ትቀመጣለች።

እናቱ የልጅቷን ሃይማኖት ሲሰሙ ግን ሁለት ሳምንት ሙሉ አላነጋገሩትም። በመጨረሻ፣ ቤቷን አይቼ፣ እጇን ቀምሼ እወስናለሁ አሉ። እምቢ ካሉስ ምን ታደርጋለህ ብላ ስትጠይቀው ቴዎ ዝም አለ። ዶርቃን እንቅልፍ የነሳት ያ ዝምታ ነው።

ስለዚህ ዛሬ ከሥራ ቀርታ ከትናንት የተዘፈዘፈውን አኩሪ አተር ፈጨች፣ በነጭ ጨርቅ አጠለለች፣ ወተቱን አፍልታ አቼቶ ጠብ አደረገችበት። ሲቋጠርላት ጠቅልላ ውሃ የሞላ ጀሪካን ጫነችበት። ቆስጣውን አጥባ ከተፈች፤ ሽንኩርቱን፣ ነጭ ሽንኩርቱን፣ ቃሪያውን አዘጋጀች። ከቶፉው ግማሹን ጠብሳ ግማሹን ውሃ ውስጥ አስቀመጠችው። ዘይቱ ሁለቴ እጇ ላይ ተረጨባት። እህቷን ምሥጋናን፣ አፏ ስለማያርፍ፣ በግድ ወደ ጸሎት ፕሮግራም ሸኝታታለች።

በሩ ተንኳኳ።

ወይዘሮ ብርነሽ ከቴዎ ጋር፣ ደረጃው አድክሟቸው ቁና ቁና እየተነፈሱ ገቡ። ግድግዳው ላይ የተለጠፈውን የመጽሐፍ ቅዱስ ጥቅስ አንብበው ፊታቸውን አዞሩ። ዶርቃ እንኳን ደህና መጡ አለች፣ ውሃ ልስጥዎ አለች፣ ስለ ደረጃው ይቅርታ ጠየቀች፤ ደረጃውን የሠራችው እሷ ትመስል። ለሁሉም የተሰጣት መልስ «ደህና ነኝ» ብቻ ነበር።

ምግቡ ቀረበ። ወይዘሮ ብርነሽ ከቆስጣው ላይ አንዱን ቶፉ ሲቆርሱት ውስጡ ነጭ ሆኖ ፍርፍር አለ። ፊታቸው ተለወጠ። እጃቸውን ሰብስበው ተነሱ።

«ቴዎ፣ ተነስ» አሉ፣ ወደ ዶርቃ ሳያዩ። «ሰው ቤቷ ጠርታ በሁዳዴ አይብ ታቀርባለች?»

ዶርቃ ዞር ብላ ቴዎን አየችው። ጆሮው ቀልቷል።

«አልነሳም፣ እማዬ» አለ ቀስ ብሎ። «መጀመሪያ ስሚያት።»

ሮጣ ወጥ ቤት ገባች። የተረፈውን ደረቅ አኩሪ አተርና ተጨምቆ የቀረውን ትራፊ ከነጨርቁ አምጥታ ፊታቸው ዘረገፈች፤ ከአተር ነው፣ እንዲህ ተፈጭቶ፣ እንዲህ ተጨምቆ እያለች ትንፋሽ እስኪያጥራት አስረዳች። ወይዘሮ ብርነሽ ትራፊውን በጣታቸው አሹት። አሸተቱት። ደግመው አሸተቱት።

«ጉድ እኮ ነው» አሉና ተመልሰው ተቀመጡ። አማትበው ጠቀለሉ።

ያኔ ነው ዶርቃ በተከፈተው የወጥ ቤት በር ምድጃው ላይ የተቀመጠውን መጥበሻ ያየችው። ትንሿ ድስት መደርደሪያው ላይ፣ ከቦታዋ ሳትነቃነቅ ተቀምጣለች። ዛሬ በፍርሃት ብዛት ቶፉውን የጠበሰችው በመጥበሻው ነው። ጠዋት ከምሥጋና ጋር እንቁላል በጠበሱበት።

ማንም አያውቅም። መጥበሻው ታጥቧል፣ ምሥጋና የለችም። ሴትዮዋ ይጉረሱ እንጂ ነገሩ አልቋል፤ ዝም ማለት ብቻ ነው የሚጠበቅባት። ጉርሻው አፋቸው ጋ ደረሰ።

«እትዬ ብርነሽ፣ አይጉረሱት።»

ድምፁ የሷ አልመሰላትም።

«ጠዋት እንቁላል የጠበስኩበት መጥበሻ ነው። አጥቤዋለሁ፤ ግን ለቴዎ ሁሌም በሌላ ዕቃ ነው የምሠራለት። ዛሬ ፈርቼ ተሳሳትኩ።»

ቴዎ ዓይኑን ጨፈነ። ከታች የወያላ ጥሪ ይሰማል። ወይዘሮ ብርነሽ ጉርሻውን ሳህኑ ጠርዝ ላይ አስቀመጡት።

«እሱስ እዚህ ቤት እንቁላል በልቷል?»

«በፆም? አንድም ቀን። ብላ ብዬውም አላውቅም።»

ለመጀመሪያ ጊዜ በደንብ አዩዋት። ሲያዩዋት ቆዩ።

«ልጄ ሰው ቤት ምን እየበላ ይሆን፣ ስል ነው የከረምኩት» አሉ፤ ድምፃቸው ዝቅ ብሏል። «እንቅልፍ የለኝም።»

እሳቸውም ፈርተው ነበር ማለት ነው። ዶርቃ ይሄን አስባው አታውቅም።

ወይዘሮ ብርነሽ ተነሱ። መሄዳቸው ነው ብላ መንገድ ለቀቀች። እሳቸው ግን ነጠላቸውን አውልቀው ወንበሩ ላይ ጣሉት።

«ያልጠበስሽው ቀርቷል?»

«ግማሹ አለ።»

«የሱን ዕቃ አምጪልኝ። አንተም ተቀምጠህ አትየን፤ ሽንኩርት ክተፍ።»

አዲሱ ቶፉ በድስቷ፣ ከተረፈው ጥሬ ቆስጣ ጋር ተሠርቶ ቀረበ። ወይዘሮ ብርነሽ ጨው አንሶታል አሉ፣ ቃሪያ በዝቶበታል አሉ፣ ግን ሁለቴ አስጨምረው በሉ። ሲወጡ ነጠላቸውን እያጣፉ በሩ ላይ ዘወር አሉ።

«ሐሙስ እኔ ጋ መጥተሽ ይሄን ነገር እየሠራሽ ታሳዪኛለሽ፣ ልጄ። እህቶቼም ይመጣሉ። አራት ናቸው፤ እንደኔ ለስላሳ አይምሰሉሽ።»

የደረጃውን ብረት ይዘው መውረድ ጀመሩ። ሊሸኛቸው የተከተለው ቴዎ ቀረት ብሎ ዘይት የተረጨበትን እጇን ያዘ።

«እማዬ ተነስ ስትለኝ የምነሳ መስሎሽ ነበር፣ አይደል?»

ዶርቃ ራሷን ነቀነቀች። ዓይኗ ሞላ።

«አለቀ እኮ። አሁንም ትፈሪያለሽ?»

«አራት እህት?» አለች በሹክሹክታ። «ገና አሁን ነው የፈራሁት።»

እናቱ ከታች ተጣሩ። ቴዎ መጣሁ አለ፤ እጇን ግን አልለቀቀም።